ተዝካሩ የተበላለት ወዳጅ

ቀየት ገበያ፣ እህል ተራው ጥግ፣ የወታደር ካፖርት የለበሱ ሰው ድንጋይ ላይ ተቀምጠው ነበር። ኮሪያ የዘመቱበት ካፖርት ነው፤ ቁልፎቹ አልቀው ወገባቸው ላይ በጠፍር አስረውታል። በላዩ ነጠላቸውን እንደ ሐዘንተኛ አዘቅዝቀው ደርበዋል። ገበያተኛው ግን አይቶ ያልፋል እንጂ ማንም "እግዜር ያጥናዎት" አላላቸውም።

ጭናቸው ላይ ፎቶግራፍ የሞላበት የብስኩት ቆርቆሮ አለ። በጦርነቱ አስተርጓሚያቸው የነበረው ኮሪያዊ ኋላ የፊልም ተዋናይ ሆኖ፣ በየዓመቱ ከሠራው ፊልም አንድ ፎቶ ይልክላቸው ነበር። ዋናውን ሰው ሆኖ አያውቅም፤ አሽከር ነው፣ ዓሣ አጥማጅ ነው፣ የልጅቷ አባት ነው፤ ብዙ ጊዜም ይሞታል።

የመጀመሪያው ፎቶ ተገንዞ የተነሣው ነበር። ተዋናይ መሆኑን ገና አልሰሙም ነበርና አለቀሱ፣ ራሳቸውን ተላጩ፣ ሁለት በግ አርደው ተዝካር አወጡ። በዓመቱ ሟቹ ባርኔጣ ደፍቶ እየሳቀ በሌላ ፎቶ መጣ። አገሩ ሁሉ ሳቀባቸው።

እኔ ገበያ ላይ ባየኋቸው ዓመት የመጣው ግን ፎቶ ሳይሆን የሚስቱ ደብዳቤ ነበር። የትምህርት ቤቱ የእንግሊዝኛ አስተማሪ ሁለቴ አንብቦላቸዋል።

አንድ ጎረቤታቸው በግ እየጎተተ ሲያልፍ፣ "ደግሞ ሞተ? አይዞዎት፣ ለከርሞ ይነሣል!" አላቸው። እህል ሻጮቹ ሳቁ። እኔም ሳቅሁ፤ ዛሬም ያሳፍረኛል።

እሳቸው ባርኔጣ የደፋበትን ፎቶ አውጥተው በካፖርታቸው እጅጌ ወለወሉት።

"የሚያለቅስልህን ሰው ሁሉ ያኔ ጨረስኩብህ፣ ወንድሜ" አሉት።