ወልዴ አናጢውና የሚስቱ ምስክርነት

ወልቂጤ ውስጥ በር ለማሠራት ወልዴ ዘንድ የሄደ ሰው ስለ በሩ ብቻ ተነጋግሮ አይመለስም ነበር። የሥራ ቤቱ ግድግዳ ላይ ከሲሚንቶ ከረጢት የተቀደደ ወፍራም ወረቀት ተለጥፏል። ወረቀቱ ላይ በአናጢ እርሳስ ሦስት ዓምድ ተሰምሮ፣ ማቴዎስ፣ ማርቆስና ሉቃስ ስለ አንድ ነገር የጻፉት ጎን ለጎን ተገልብጧል። ደንበኛው "ይሄ ደግሞ ምንድን ነው?" ካለ መላጊያው ይቀመጣል፤ ያን ቀን በር የሚባል ነገር የለም።

ወልዴ ከአገና ወጣ ብላ በምትገኝ መንደር ተወልዶ፣ ሙያውን አዲስ አበባ አጎቱ ዘንድ ተምሮ፣ ደርግ ሊወድቅ ሲል ወልቂጤ የገባ ሰው ነው። መንግሥት ተለውጦ የወንጌላውያን ጸሎት ቤቶች በግልጽ መሰብሰብ ሲጀምሩ፣ ማንበብ ስለሚወድ የረቡዕ የመጽሐፍ ቅዱስ ጥናት ለእሱ ተሰጠው። በ1994 ዓ.ም. ደግሞ ከአዲስ አበባ ሞጁል የሚላክለት የርቀት ትምህርት ጀመረ። ከሞጁሎቹ አንዱ ወንጌላት መቼ፣ በእነማን እጅና ከምን ምንጭ እንደተጻፉ የሚመረምር ነበር። ወልዴ በዚህ ሞጁል ተያዘ። ሰው በእግር ኳስ እንደሚያዝ ማለት ነው።

መጀመሪያ የተከራከረው ከጎረቤቱ ከሀያቱ ጋር ነው። ሀያቱ የመስቃን ሰው፣ ሙስሊም ነው፤ ቀጥሎ ባለው ሱቅ ጨርቃ ጨርቅ ይሸጣል።

"አንድ ወንጌል ሲበቃችሁ አራት ምን አደረጋችሁ?" አለው ሀያቱ።

"አራት ምስክር ከአንድ አይሻልም?"

"ምስክሮቹ ተያይተው ከተናገሩ አንድ ናቸው። ዳኛ ጠይቅ።"

ሌላ ሰው ቢሆን ይቆጣ ነበር። ወልዴ ግን ወንበር አመጣለት። "ተያይተዋል እኮ። ሦስቱ ተያይተዋል፤ ላሳይህ።"

ማስረጃው ቀላልና የሚያስደስት ነው። ሦስት አናጢዎች በየቤታቸው በር ሠሩ እንበል። በሦስቱም በሮች ላይ ማጠፊያው ከቦታው አንድ ጣት ዝቅ ብሎ ቢገኝ፣ ሦስቱም በየራሳቸው ተሳሳቱ አንልም፤ ከአንድ ናሙና ቀድተዋል እንላለን። በማርቆስ ወንጌል ኢየሱስ ስለሚመጣው መከራ ሲናገር፣ በንግግሩ መሐል "አንባቢው ያስተውል" የምትል ቃል ገብታለች። ኢየሱስ ግን የሚናገረው ፊቱ ለተቀመጡ ሰዎች ነው፤ የሚያነብ ሰው አልነበረም። ስለዚህ ቃሏ የጸሐፊ ማሳሰቢያ ትመስላለች። ማቴዎስ ላይም እዚያው ቦታ ላይ አለች። ከሁለት አንዱ የሌላውን ጽሑፍ ፊቱ ዘርግቶ ነበር ማለት ነው። ብዙ ተመራማሪዎች ቀዳሚው ማርቆስ ነው ይላሉ።

ከማርቆስ በፊትስ? ታሪኩ ለበርካታ ዓመታት በሰው አፍ ላይ ኖሯል። ወልዴን ከሁሉ በላይ የሚያጓጓው ይህ ጊዜ ነው። ነገር ከአፍ ወደ አፍ ሲሄድ ምኑ ይጸናል፣ ምኑስ ይለወጣል? በዚያ ቦታ ቆሞ ያየ ተመራማሪ የለም።

"እኛ ዘንድ የነቢዩ ሐዲስ ሲነገር 'ከማን ሰማህ? እሱስ ከማን?' ይባላል" አለው ሀያቱ። "ሰንሰለቱ ከተበጠሰ ቃሉ ይዳከማል። የእናንተ ሰንሰለት የታለ?"

"እሱን ነው የምፈልገው።"

"ፈልግ። ስታገኘው ያዋስኩህን መሰላል አብረህ ፈልግልኝ፤ ካንተ ዘንድ ከገባ ወር ሆኖታል።"

በ1996 ዓ.ም. ጥቅምት ላይ የወልዴ ሚስት እቴነሽ ሳል ያዛት። እቴነሽ የጸሎት ቤቱ ዘማሪ ናት፤ ድምፅዋ ከሩቅ ይለያል። ጤና ጣቢያ ስትመረመር የሳንባ ነቀርሳ ነው ተባለች። ሕክምናው ስምንት ወር ነው፦ ሁለቱን ወር በየጠዋቱ እየሄዱ ነርስ ፊት መዋጥ፣ ስድስቱን ወር ደግሞ ክኒኑን ወስዶ ቤት መዋጥ። ነርሷ ሲስተር ሐና ባልና ሚስቱን አስቀምጣ እንዲህ አለቻቸው፦ "ሁለት ወር ሲሞላ የዳንሽ ይመስልሻል። አልዳንሽም። ያኔ ካቆምሽ በሽታው መድኃኒቱን ለምዶ ይመለሳል፤ ያን ጊዜ እኔም የምሰጥሽ አይኖረኝም።"

ሁለት ወር ሞላ። ሳሉ ጠፋ፤ እቴነሽ ጉንጭ አወጣች። በታኅሣሥ አንድ እሑድ የጸሎት ቤቱ ሽማግሌ ጋሽ ኃይሌ ከማርቆስ ወንጌል መጨረሻ ሰበኩ፤ የሚያምኑ በበሽተኞች ላይ እጅ ይጭናሉ፣ በሽተኞቹም ይድናሉ ከሚለው። ከስብከቱ በኋላ የታመሙ ሁሉ ወደ ፊት ወጡ። እቴነሽም ወጣች፤ ጋሽ ኃይሌ እጃቸውን ጫኑባት። ምስክርነት የሚሰጥ ካለ ሲባል ማይኩን ተቀብላ "ጌታ ፈውሶኛል፤ ከዛሬ ጀምሮ ይህን አልነካም" አለችና ለቤት የተሰጣትን የክኒን ከረጢት ለጋሽ ኃይሌ ሰጠቻቸው። እልልታው እስከ መንገድ ተሰማ። ወልዴ ከኋላ ወንበር ሊነሣ ፈልጎ ነበር፤ ዙሪያውን ያለው ሰው ግን ለደስታ እያቀፈው መላወሻ አሳጣው።

ወር ሳይሞላ አንድ የአገና ሰው ለልጁ ሠርግ አልጋ ሊያዝ መጣ። ዋጋ እየተነጋገሩ ሳሉ "የዚህ ከተማ ሰው አይደለህ? ያቺን ከሞት የተነሣች ዘማሪ አታውቃትም?" አለው።

"ከሞት?"

"በቃሬዛ ነው አሉ ያመጧት። ትልቅ ሆስፒታል 'ቤቷ ትሙት' ብሎ የመለሳትን።"

በሳምንቱ የሀያቱ አማች ከቡታጅራ መጣና ሌላ ነገረ፦ ሴትዮዋ ዓመት ሙሉ አልጋ ላይ ነበረች፣ ደም ታስመልስ ነበር፤ ክኒንማ ሆዷ አልቀበል ብሏት ኖሯል። ወልዴ እርሳሱን ከጆሮው ላይ አነሣ። ወረቀቱ ላይ አዲስ ዓምዶች አሰመረና ወልቂጤ፣ አገና፣ ቡታጅራ ብሎ ጻፈባቸው። ሥርዓቱ ወዲያው ታየ። አንዲት ሴት፣ ሳል፣ የሽማግሌው እጅ፣ መድረክ ላይ የተሰጠ ከረጢት፤ እነዚህ በሦስቱም ዘንድ አሉ፣ አይናወጡም። ዙሪያቸው ያለው ግን ይንቀሳቀሳል፤ የበሽታው ክብደት በየከተማው ይጨምራል፣ የክኒኑ ሥራ በየከተማው ይቀንሳል። የዋሸ ሰው የለም። እያንዳንዱ የሰማውን ተናግሮ፣ የጎደለ የመሰለውን ብቻ ሞላ። ሌሎች በግምት የሚደርሱበት ነገር እዚህ ዓይኑ ሥር እየሆነ ነበር። ወልዴ በደስታ ሳቀ።

"ትስቃለህ?" አለው ሀያቱ። "ሚስትህ እኮ ናት።"

ወልዴ እርሳሱን አስቀመጠ።

በዚያው ቀን ምሳ ላይ ጠየቃት። "እቴነሽ፣ በቃሬዛ ነበር የሄድሽው?"

"በእግሬ ነው። አብረን አልነበርን?"

"አገና 'በቃሬዛ' ይላሉ።"

"ሰው ያውራ። የጌታ ስም ከከበረ ምን ቸገረህ?"

"ያከመሽ ግን ክኒኑ ነው። ሲስተር ሐና 'ጥሩ እየሄደ ነው' ብላሽ ነበር እኮ።"

"ያን ጊዜ በውስጤ የነበርከው አንተ ነህ? እጃቸውን ሲጭኑብኝ ደረቴ ሲከፈት አንተ ነህ የተሰማህ?"

ይህን መካድ አይችልም፤ አልተሰማውም። ስለዚህ ወደሚያውቀው ሄደ። በአዲሱ የመጽሐፍ ቅዱስ ትርጉም የማርቆስን መጨረሻ ገለጠላት፤ ጋሽ ኃይሌ የሰበኩበት ክፍል ማስታወሻ ተጽፎበታል። ረጋ ብሎ አስረዳት። ከሁሉ የቆዩት ሁለት የግሪክ ቅጂዎች ይህ ክፍል የላቸውም፤ ሴቶቹ ከመቃብሩ ሸሽተው፣ ፈርተው ለማንም ምንም አልተናገሩም በሚለው ላይ ያበቃሉ። ከግዕዝ ብራናዎች ብዙዎቹ አጭር መደምደሚያ ካስገቡ በኋላ ረጅሙንም ይጨምራሉ። ምናልባት መጨረሻው የጎደለ የመሰላቸው ሰዎች ሞልተውት ይሆናል። ስለዚህ አንድ ሰው ሕይወቱን በዚህ ቁጥር ላይ ብቻ ማንጠልጠል የለበትም።

እቴነሽ እስከ መጨረሻው ሰማችው። ከዚያ "ሴቶቹ ለማንም ካልተናገሩ፣ አንተ ማን ነግሮህ ነው ያመንከው?" አለች።

ለዚህ ሞጁሉ ውስጥ መልስ አለ፤ እንዲያውም ብዙ መልስ አለ። ወልዴ ሞጁሉን ፍለጋ ተነሣ። እቴነሽ ሳህኖቹን አንሥታ ወጣች።

ከፋሲካ በኋላ ሳሉ ተመለሰ። መጀመሪያ አቧራ ነው አለች፤ ቀጥሎ የወልዴ ሳጋቱራ ነው አለች፤ ቀጥሎ ምክንያት መስጠት ተወች። መዝሙር ላይ ከንፈሯን እያንቀሳቀሰች ድምፅ አታወጣም ነበር። ወልዴ ሲስተር ሐና ዘንድ ሮጠ። "ይዘሃት ና፤ እንደገና እንሞክራለን። ግን ቶሎ" አለችው። እቴነሽ አልሄድ አለች። ጤና ጣቢያው በር ላይ የማያውቃት ሰው የለም፤ እዚያ ወረፋ ይዛ መቀመጥ ማለት ማይክ ይዛ የተናገረችውን መልሳ መዋጥ ነው።

ወልዴ ወደ ጋሽ ኃይሌ ወፍጮ ቤት ሄደ። ወፍጮው ስለሚጮኽ ወደ ጓሮ ወጥተው ተነጋገሩ።

"እኔ መድኃኒት አቁሚ አላልኳትም" አሉ ጋሽ ኃይሌ፣ ሳይጠየቁ።

"አውቃለሁ ጋሼ። ከረጢቱን ግን ተቀበሏት።"

"ሕዝቡ እልል እያለ ምን ልበል? 'መልሰሽ ቦርሳሽ ውስጥ ክተቺው' ልበል?"

"አሁን ይበሉ።"

ጋሽ ኃይሌ ከትከሻቸው ላይ ዱቄት አራገፉ። "ወንድም ወልዴ፣ በእሷ ምስክርነት ጌታን የተቀበሉ ሰዎች አሉ። በእምነት ገና ጡት የሚጠቡ ናቸው። መድረክ ላይ ቆሜ አልዳነችም ብል እነሱን ወዴት ልስደዳቸው?" ወደ ወፍጮው መለስ እያሉም "ለብቻዋ እነግራታለሁ" አሉ።

ነገሯት፤ ቃላቸውን ጠብቀዋል። እቴነሽ ግን "መድረክ ላይ የተቀበሉኝን መድረክ ላይ ይመልሱልኝ" አለቻቸው። እሑድ መጣ፤ ጋሽ ኃይሌ ስለ ትዕግሥት ሰብከው ወረዱ። በሚቀጥለው እሑድ ሌላ ሰው እንዲሰብክ አደረጉ።

ግንቦት ላይ ከአገና ባልና ሚስት መጡ። ከሚኒባስ ወርደው እየጠየቁ የወልዴን ሥራ ቤት አገኙ። የሰውየው እናት የሳንባ ሕመም ይዟቸዋል፤ የዳነችውን ዘማሪ አይተው፣ ጸሎቷን ለምነው ሊመለሱ ነው። እቴነሽ ከሥራ ቤቱ ጀርባ ባለው ጓዳ ተኝታ ነበር። ወልዴ አስቀመጣቸው።

"ጋሼ፣ እርስዎ ባሏ ነዎት" አለው ሰውየው። "ሰው ብዙ ይላል። ዓይኑ ካየ ሰው እንስማ ብለን ነው የመጣነው።"

እንዲህ ብሎ የሚጠይቅ ሰው ወልዴ ዕድሜውን ሙሉ ሲፈልግ ኖሯል። ስለዚህ ምንም ሳያስቀር፣ በቅደም ተከተል ነገራቸው። በቃሬዛ አልሄደችም፤ በእግሯ ነው የሄደችው። የትኛውም ሐኪም ቤትሽ ሙቺ አላላትም። ሁለት ወር ሙሉ በየጠዋቱ ነርስ ፊት ክኒን ውጣለች። የዳነች የመሰለችው በክኒኑ ነው። አቆመች፤ አሁን ሳሉ ተመልሷል። እናታችሁ ክኒን ከጀመሩ እንዳያቆሙ።

ባልና ሚስቱ በጽሞና ሰሙት። ሴትዮዋ ወደ ባሏ ዞረች። "ሰማህ? ሁለት ወር ሙሉ ውጣለች። በአንድ ጸሎት ነው የጣለችው።"

"አይ፣ እህቴ፣ ያሻላት እኮ ክኒኑ ነው" አለ ወልዴ።

"እናታችንም ሁለት ወሯ ነው" አለ ሰውየው። "ልክ እንደሷ። እኔማ ያ የቃሬዛው ነገር ነበር ያጠራጠረኝ። አሁን እውነቱን ከባሏ ሰማሁ።"

"አሁን ትስላለች እያልኳችሁ ነው።"

"ጠላት ሳይፈትን የት ይቀራል?" አለች ሴትዮዋ፣ ልታጽናናው ፈልጋ በለሰለሰ ድምፅ።

ወልዴ ሦስተኛ ጊዜ ሊያስረዳ አፉን ከፍቶ ቆመ። ከአፉ የወጣው ሁሉ እጃቸው ሲገባ ምን እንደሚሆን አሁን ይታየው ነበር። የሚናገረው እውነት በበዛ ቁጥር የሚያምኑት ያ ሌላው ነገር ይጠነክራል፤ ዛሬ ማታ አገና ላይ "ባሏ ራሱ በዓይኑ ያየውን ነገረን" ተብሎ ይወራል። እንዲህ ያለውን ቃል ደግሞ ማንም አያስተባብለውም፤ ሰንሰለቱ አንድ ቀለበት ብቻ ነውና።

የጓዳው መጋረጃ ተገልጦ እቴነሽ ወጣች። ነጠላዋን ተከናንባ፣ ግድግዳውን ይዛ እንግዶቹን ሰላም አለች። ሴትዮዋ ተነሥታ ጉልበቷን ልትስም ጎንበስ አለች፤ እቴነሽ ከለከለቻት። ለእናቲቱ ባጭሩ ጸለየች፤ በመሐሉ እያቋረጠች ትንፋሽ ትሰበስብ ነበር። እነሱ ልቧ ተነክቶ መሰላቸው፤ አብረዋት አለቀሱ።

ሚኒባሱ እንዳያመልጣቸው ቶሎ ወጡ። ወልዴ እስከ መንገዱ ተከትሏቸው "ክኒኑን አያቁሙ" አላቸው፤ እነሱም "እግዜር ይስጥልን ጋሼ" እያሉ እጃቸውን አውለበለቡ።

ሲመለስ እቴነሽ ደንበኛ የሚቀመጥበት አግዳሚ ላይ ተቀምጣለች። የነጠላዋን ጫፍ አፏ ላይ ይዛ ሳሉ እስኪያልፍላት ጠበቀች። ከዚያ ቀና ብላ አየችው፤ ከታኅሣሥ ወዲህ እንዲህ በፍቅር አይታው አታውቅም።

"ከውስጥ ሆኜ ሰማሁህ" አለችው። "እስከ ዛሬ ትቃወመኛለህ ብዬ ነበር። መሰከርክልኝ።"

ወልዴ አጠገቧ ተቀመጠ። ጀርባዋን ያዘ፤ ቀጣዩ ሳል ሲመጣ መዳፉ ሥር ተሰማው።