ያላለቀ የመሰለን ፊልም

በደርግ ጊዜ ነው። አንድ እሁድ ከሰዓት ጎፋ በቀበሌያችን አዳራሽ የኩባ ፊልም ሊታይ ነው ተባለና የእህቴ ባል ሦስታችንም እንሂድ ብሎ ተነሳ። ክው አልኩ። ከተጋቡ ወዲህ ፊልም ያሳየን አንድ ጊዜ ብቻ ነበር። ምክንያቱ ግን ቶሎ ገባኝ። ሦስታችንም የምንሠራው አንድ ልብስ ስፌት ፋብሪካ ነው፤ እሱ ጨርቅ ቆራጭ፣ እህቴ ሰፊ፣ እኔ ቁልፍ ተካይ። በዚያ ሳምንት እህቴ የፈረቃ አለቃ እንድትሆን ተመርጣ ሰኞ ጠዋት መልስ መስጠት ነበረባት። እሺ ካለች ባሏን ልታዝ ነው። እሱ ደግሞ ሚስቴ ከምታዘኝ መቀሱን ጥዬ እወጣለሁ ብሎ ዝቷል።

ያ የመጀመሪያው ፊልም የሜክሲኮ ነበር። በፈረስ ተቀምጣ ወንዱን ሁሉ የምታርበደብድ ባለርስት መጨረሻ ላይ ካንዱ እግር ሥር ተንበርክካ ስታለቅስ ሲኒማ ቤቱ በጭብጨባ ተናጋ። አማቼ ስለዚያች ሴት አውርቶ አይጠግብም። አሁንም ለእህቴ፣ “እነዚህም ቋንቋቸው እስፓንኛ ነው፤ መጨረሻዋን ታያለሽ” አላት።

የአዳራሹ መስኮት በብርድ ልብስ ተሸፈነ። ኩባ ተምሮ የመጣ ወጣት ማይክ ይዞ ንግግሩን ይተረጉምልናል። የዚህኛው ፊልም ሴት ፈረስም አለንጋም የላትም። የስኳር ፋብሪካ ኃላፊ ናት፤ ላቧን በክንዷ እየጠረገች ወንዶቹን ታዛለች። ባሏ ወይ እኔን ወይ ፋብሪካውን ምረጪ ሲላት ልብሱን አጣጥፋ ሰጠችውና ወደ ሥራዋ ተመለሰች። የፋብሪካው ማሽን ተነሳ፣ የአዳራሹ መብራት በራ።

ማንም ከወንበሩ አልተነሳም። ሳትንበረከክ እንዴት ያልቃል? ቀሪውን ቆርጠው ያስቀሩብን መሰለንና “ሌባ!” እያልን ጮኽን፤ እኔም ጭምር። ፊልም የሚያጫውተው ሰውዬ የቆርቆሮ ሳጥኖቹን አንድ በአንድ ገልብጦ ባዶነታቸውን አሳየን። ምስኪኑ አስተርጓሚ አልቋል ቢል ማን ይስማው፤ የቀበሌው ሊቀመንበር እንኳ በጥርጣሬ ያየው ጀመር። ከሁሉም አብልጦ የሚጮኸው የእህቴ ባል ነበር። እሷ ነጠላዋን አስተካክላ ተነሳች።

“አልቋል፤ እንሂድ” አለችው።

ሰኞ ጠዋት የፋብሪካው ኃላፊ ቢሮ ገብታ እሺ ብላ ወጣች። ትዳሯ አበቃለት አልኩ። ያ ሁሉ የዛተው ባሏ ግን መቀሱን እንደያዘ ጠረጴዛው ጋ ቆሟል። እሷ ጠረጴዛዎቹን እየዞረች ስታይ እሱ ጋ ደረሰችና አንድ እጅጌ አንስታ ተመለከተች።

“ይሄ ተጣሟል፤ ድገመው።”

የስፌት መኪናው ሁሉ ቀጥ አለ። ባሏ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ቤት እንነጋገራለን አላት።

“ቤት የምንነጋገረው የቤቱን ነው” አለችው።

እሱ ግራ ቀኙን አየና መቀሱን አነሳ። እጁ እየተንቀጠቀጠ መቁረጥ ጀመረ። ሰው ሁሉ የሚያየው እሱን ነበር። እኔ ከኋላዋ ስለነበርኩ ያየሁት እሷን ነው፤ ወደ ጀርባዋ ያጣመረቻቸው እጆቿ ከእሱ ይብስ ይንቀጠቀጡ ነበር።