ከመዝለያው ሳንቃ የወረድኩ ቀን

ከቡታጅራ የወጣሁት ከሱብሒ ሶላት በኋላ፣ በመጀመሪያው ሚኒባስ ነው። እናቴ ሻንጣዬ ውስጥ ቆጮ ስትጠቀጥቅ አባቴ በሩ ላይ ቆሞ ያንኑ ጥያቄ ለሦስተኛ ጊዜ ጠየቀኝ።

«ውሃ ውስጥ ለመዝለል ደሞዝ ይከፍላሉ?»

«ይከፍላሉ አባ።»

«የሰመጠ ሰው ለማውጣት ነው?»

«አይደለም። መዝለል ብቻ ነው። አዘላለሉ ላመረለት ነጥብ ይሰጣሉ።»

ራሱን ነቀነቀ። ከዚያ መረቀኝና «ለአረፋ ትመጣለህ» አለኝ። ጥያቄ አልነበረም። የአገሬ ልጆች ታውቁታላችሁ፤ የእኛ ሰው መርካቶም ይነግድ ሞያሌ፣ ለአረፋ ካልገባ ወይ ታሟል ወይ ታስሯል። «ኢንሻአላህ» አልኩት።

ጣልያን እንዴት እንደሄድኩ ባጭሩ ላውጋችሁ። አዲስ አበባ አንድ ሆቴል ውስጥ የመዋኛ ገንዳ አጸዳ ነበር። እንግዳ በሌለበት ሰዓት ከመዝለያው ሳንቃ ላይ ስገለባበጥ አንድ ጣልያናዊ አሰልጣኝ አየኝ፤ አገሩ ሲመለስም ክለቡ እንዲሞክረኝ የጥሪ ወረቀት ላከልኝ። የድጋፍ ደብዳቤ ለማጻፍ ወልቂጤ ዞን ድረስ ሄድኩ። ጸሐፊው ሙያዬን ሲጠይቀኝ «ውሃ ላይ ዘላይ» አልኩት። እስክሪብቶውን አስቀመጠ።

«ስማኝ ወንድሜ፣ ይህን ብጽፍ ኃላፊው በኔ ነው የሚስቀው። ነጋዴ ልበልህ። ጉራጌ ነጋዴ ነው ቢባል ማን ይጠይቃል?»

ነጋዴ ተብዬ ሄድኩ።

የገባሁበት ከተማ በሰሜን ጣልያን ነው። ብርዱ የቸሃ ደገኛ እንኳ የሚማረርበት ነው። ካርኔ ክሩዳ የሚሉት ጥሬ ሥጋ አላቸው፤ የተከተፈውን ሳይ ደስ ብሎኝ ነበር፣ ግን ቅቤ አያውቅም፤ ሎሚና ዘይት ያፈሱበታል። ቢሆንም በላሁት። አከራዬ ሲኞራ ደግሞ የመታጠቢያ ቤቱ ወለል በረጠበ ቁጥር ይቆጡኛል።

«ቀኑን ሙሉ ውሃ ውስጥ ውለህ፣ እቤት ደግሞ እግርህን ትታጠባለህ?»

«ለሥራ መርጠብና ለሶላት መታጠብ ይለያያል ሲኞራ።»

«ቆጣሪው ግን አይለይም» አሉኝ።

የውጭ አገር ሰዎች የሚመዘገቡበት ፖሊስ ጣቢያ፣ ኩዌስቱራ የሚሉት፣ ያለው ሹም ፓስፖርቴን ገልጦ «ኢትዮጵያዊ። ሯጭ ነህ» አለ።

«አይደለሁም። ዘላይ ነኝ።»

«ርዝመት ነው ከፍታ?»

«ወደ ታች።»

ትንሽ አየኝና ነገሩን አስረዳኝ። የሥራ ውል ከሌለኝ ፔርሜሶ፣ ማለትም የመኖሪያ ፈቃድ፣ አላገኝም። ያለ ፔርሜሶ ከወጣሁ ደግሞ መመለስ የለም። ክለቡ ውል የሚፈርምልኝ በፀደዩ ዓለም አቀፍ ውድድር ለፍጻሜ ካለፍኩ ብቻ ነው። አረፋ የሚውለው ከውድድሩ ከሁለት ወር በኋላ ነበር። ስለዚህ ለኔ ፍጻሜ ማለፍ ማለት ቡታጅራ መግባት ነበር፤ ሜዳሊያው ትዝም አላለኝ።

ከየአገሩ ዘላይ መጥቷል፤ ከኢትዮጵያ እኔ ብቻ። አምስቱን ዝላይ ጨርሼ አራተኛ ነበርኩ፤ የቀረኝ አንድ ነው። እሱም ጀርባን ለውሃው ሰጥቶ የሚዘለለው ነው። ስሜ ተጠራ፣ ፊሽካ ተነፋ፣ ሳንቃው ጫፍ ደርሼ ዞርኩ። ስዞር ከኔ ቀጥሎ የሚዘለው ሰውዬ መሰላሉ ሥር ቆሟል። ጺሙ ሸብቷል፤ ታላቅ አጎቴን ያክላል። እጁን ደረቱ ላይ አጣምሮ በብርድ ይንቀጠቀጣል።

እኛ ቤት ታላቅ እጁን ሳይታጠብ ታናሽ ወደ ገበታ አይቀርብም። ታላቅ ቆሞ እየጠበቀ ታናሽ መቅደሙን አባቴ ቢያይ ምን እንደሚል አውቃለሁ። ወላሂ፣ አስቤበት አይደለም፤ እግሬ ቀደመኝ። ከሳንቃው ወረድኩና ጎንበስ ብዬ፣ ያውም በአማርኛ፣ «ይቅደሙ» አልኩት። ሰውዬው ዓይኑን አፈጠጠ። ዳኛው ዜሮ ሰጠኝ።

«ምን ነካህ?» አለኝ አሰልጣኙ።

«ታላቄ ነው።»

«እዚህ ታላቅ የለም። ተራ ነው ያለው።»

አሥራ ሁለት ሰው ሲያልፍ እኔ አሥራ አምስተኛ ሆንኩ። ክለቡ ውሉን እስከ መኸሩ ውድድር አቆየው። በአረፋ ዕለት ጎረቤታችን ሱቅ ደወልኩ፤ አባቴን ጠሩልኝ።

«በሬው ታርዷል፤ ወንድሞችህ ሁሉ ገብተዋል» አለ። «አንተ ታመህ ነው ታስረህ?»

አንድም ሳልደብቅ ነገርኩት። እስከ መጨረሻው ሰማኝ።

«ሽማግሌውስ ምን አለ?»

«ምንም። በተራው ዘለለና ሄደ።»

«አልመረቀህም?»

«እዚህ አይመርቁም አባ።»

ከኋላው የወንድሞቼ ልጆች ሲንጫጩ ይሰማኛል። ስልኩን ትቶ የሄደ መስሎኝ «አባ» አልኩ።

«አለሁ» አለ። «እንግዲያው ከኋላህ ማንም ይቁም፣ እኔም ብሆን፣ አትይ። ዝለልና ና።»

እሺ አልኩት። ቢቆጣኝ ይሻለኝ ነበር። ዕድሜ ልኩን ያስተማረኝን እኔን ለማየት ብሎ ሻረው፤ ስልኩን ዘግቼ አለቀስኩ። ጀርባን ሰጥቶ የሚዘለለው ግን ፊቴን ተራ ወደሚጠብቁት ሰዎች ሳላዞር አይሆንም። አሁን ዓይኔን ጨፍኜ እየተለማመድኩት ነው።