ሽማግሌ የላከብኝ ዘመዴ

ቆቦ መድኃኒት ቤት ስሠራ፣ ጠዋት ጠዋት ከሮቢት በሚኒባስ አብሮኝ የሚመጣ አስተማሪ ወደድኩ። ቤተሰቦቼ ያጩልኝን ሁሉ «ራሴ እመርጣለሁ፤ እናንተ ትመርቁኛላችሁ» እያልኩ ስመልስ ስለኖርኩ፣ እሱን ሳገኝ ሁለቱም የሞላልኝ መሰለኝ። እኔ መረጥኩት፤ እሱም በወጉ ሽማግሌ ላከ።

አጎቴ እንግዶቹን አስቀምጦ ዘር መቁጠር ጀመረ። በእኛ ዘንድ እስከ ሰባት ትውልድ የሚገናኙ ሰዎች አይጋቡም። እኔ ከጓዳ ሆኜ አዳምጣለሁ። የእሱ አባት፣ አያት፣ ቅድመ አያት ያለ ችግር አለፉ። አምስተኛው ሰው ሲጠራ አጎቴ ቆጠራውን አቋረጠ።

«እኚህ ሰው ዋጃ የነበሩት ናቸው?»

«አዎ፣ እሳቸው ናቸው» አሉ ትልቁ ሽማግሌ።

«እንዴ! የእኛም አያት እኮ ናቸው!»

የሚያዝንልኝ ሰው ይኖራል ብዬ ጠበቅኩ። ሽማግሌዎቹ ግን ብድግ ብለው ከአጎቴ ጋር ተቃቀፉ። ለጋብቻ የተሠራው ዶሮ ወጥ ለዝምድና ተበላ፤ ምርቃቱም ሞቅ ያለ ነበር። በማግስቱ ሚኒባስ ውስጥ አስተማሪው «እህቴ» ሊለኝ ሞክሮ አቃተው። ሁለታችንም እየሳቅን እንባችን መጣ።

በዓመቱ ሌላ አገባ። እኔም ዘመድ ነኝና ሁለት ቀን ሙሉ የሠርጉን ሽንኩርት ስከትፍ ሰነበትኩ፤ ዓይኔ ለምን እንደቀላ የጠየቀኝ የለም። ሙሽራዋን ልስም ስጠጋ በስሜ ጠራችኝ።

«በምን አወቅሽኝ?» አልኳት።

«እሱ ነዋ! ከዘመዶቹ ሁሉ አንቺን እንደሚወድ ነግሮኛል» አለችና አጥብቃ አቀፈችኝ።