በአምበር ጭጋግ ውስጥ የቀረጽኩት የዕፅዋት ስፍራ

ከአዲስ አበባ ማለዳ የተነሣሁት አምበር ከተማ አጠገብ ያለ አንድ የዕፅዋት ስፍራ ለመቅረጽ ነበር። ሰውም ንግግርም የሌለበት፣ ዛፍና ቅጠል ብቻ የሚታይበት አጭር ፊልም አስቤ ነው። አውቶቡሱ ሉማሜ ሲቆም ዳቦ በሻይ በላሁ። አምበር አደርኩና በማግሥቱ ባጃጅ እስከ ኮረኮንቹ ማብቂያ አደረሰኝ።

ረፋድ

ስፍራውን የተከሉት መሪጌታ አዳሙ የሚባሉ የቅኔ መምህር ናቸው። ከሚያስተምሩበት ቤተ ክርስቲያን ጀርባ ዝግባው፣ ኮሶው፣ ወይራው፣ እንዶዱ ጭጋግ ለብሶ ቆሟል።

"እኔ ተማሪዎቼ ዘንድ ነኝ፤ አንተ እንደ ልብህ" ብለውኝ ሄዱ።

ከዛፍ ወደ ዛፍ እየተዛወርኩ ቀረጽኩ። ወፍ እንኳ አይሰማም። አንዳንዴ ማጅራቴን ቀዝቀዝ ይለኝና ሰው ያለ ይመስለኛል፤ ግን ብርሃኑ እንዳያመልጠኝ ዓይኔን ከካሜራው አላነሣሁም።

ቀትር

መሪጌታ ሲመለሱ የቀረጽኩትን በካሜራው ትንሽ ስክሪን አሳየኋቸው። ቀረብ ብለው አዩና ጣታቸውን ኮሶው ሥር አሳረፉ።

"ይቺ ነጭ ነገር ምንድን ናት?"

"ጭጋግ መስሎኝ ነበር።"

"ጭጋግ ነጠላ አይለብስም" አሉ ፊታቸው ተለዋውጦ። "እማማ የሺ ናቸው። መርሳት ከጀመሩ ቆዩ። ትናንት ከቤት እንደ ወጡ ቀሩ፤ ልጆቻቸው በሉማሜ መንገድ እየፈለጓቸው ነው።"

ኮሶው ሥር ስንደርስ ማንም የለም። ተማሪዎቹም ወጥተው ስማቸውን ይጣሩ ጀመር፤ ድምፃችንን ግን ጭጋጉ ይውጠዋል። በመጨረሻ እንዶዱ ውስጥ፣ ካሜራዬን አቁሜበት ከነበረው ቦታ አጠገብ፣ ተቀምጠው አገኘናቸው። እግራቸው በረዶ ሆኗል። መሪጌታ ጋቢያቸውን ሲያለብሷቸው እማማ የሺ ቀና ብለው አዩኝ፤ ድምፃቸው ከሹክሹክታ አይበልጥም።

"ስጠራህ ነበር እኮ፤ አንተ ግን አጎንብሰህ ነበር።"

ልጃቸው በፈረስ መጥቶ ወሰዳቸው።

ቤቴ

አዲስ አበባ ገብቼ ምስሎቹን በትልቅ ስክሪን ከፈትኩ። በመጀመሪያው እማማ የሺ ሩቅ፣ ከወይራው ኋላ ናቸው። በሚቀጥለው ቀረብ ብለዋል። በሌላው ደግሞ ይበልጥ። ቅጠል ላይ ያረፈ ጠል በቀረጽኩበት የመጨረሻው ምስል፣ ከጠሉ ኋላ ብዥ ያለ ፊት አለ፤ አፉ ይንቀሳቀሳል። ምን እንዳሉኝ አላውቅም፤ ዝምታ ፈልጌ ድምፁን አጥፍቼ ነበር የቀረጽኩት።

ከዚያ ወዲህ የትም ካሜራ ከማቆሜ በፊት "ሰው አለ?" ብዬ እጣራለሁ። ከዚያም ቆሜ አዳምጣለሁ።