ሦስት ቀን ያልደረቀው ጀሶ

ሥራ የጀመርኩት ፒያሳ፣ ባሬላ ተሸክሜ ነው። የመጀመሪያው ቀን ከሰዓት በኋላ ለሳኙ ጋሽ ተካ መለሰኛ ካዞላቸውን አቀበሉኝና «እስቲ ያንን ስንጥቅ ድፈኚ» አሉኝ። አሳምሬ ደፈንኩት። መጥተው አዩና በመዶሻ አራገፉት።

«ምን አጠፋሁ?»

«በሽተኛውን ሳታዪ ገነዝሽው!»

ከዚያ አሳዩኝ። ስንጥቁ ላይ በአግድም ትንሽ ጀሶ ይለጠፋል፤ ቀኑ በሚስማር ይጻፍበታል። ግድግዳው ከተንቀሳቀሰ ጀሶው ይሰነጠቃል። ካልተሰነጠቀ ይለሰናል።

እኔም ለሳኝ ሆንኩ። የልጅ ልጅ ካየሁ በኋላ ውቤ በረሃ አንድ አሮጌ ፎቅ እንድለስን ተጠራሁ። ከጎኑ ለአዲስ ሕንፃ መሠረት ይቆፈራል። በጉድጓዱ በኩል ያለው ግድግዳ ከላይ እስከ ታች ተሰንጥቋል። ፎቁ ላይ ስምንት ሴቶች ልብስ ይሰፋሉ።

ሰኞ ጀሶ ለጠፍኩ። የጠራኝ፣ ጉድጓዱን የሚያስቆፍረው ኮንትራክተር ተነጫነጨ። ሐሙስ ተቆጣጣሪ መሐንዲስ ስለሚመጣ ግድግዳው ተለስኖ እንዲጠብቀው ፈልጓል።

ሐሙስ ጠዋት ጀሶው ደህና ነበር። ቀኑም አለበት። ካዞላዬን ከማንሳቴ በፊት እጄን አሳረፍኩበት፤ ቀዘቀዘኝ። ጥፍሬን ጫን ሳደርገው ገባ። የሦስት ቀን ጀሶ ጥፍር አያስገባም።

«ማነው እዚህ ላይ የደረበው?» አልኩት ኮንትራክተሩን።

«እማማ፣ ይለስኑ በቃ! መሐንዲስ ሆኑ እንዴ?»

«አልሆንኩም። ስምንት ሰው ተቀምጦበት ግን አልለስንም።»

«ለሳኝ ሞልቷል!»

«ጥራ! እስኪመጣ እነሱን አወርዳለሁ።»

ወደ ፎቁ ወጣሁ። የሴቶቹ አለቃ ጽጌ ከማሽኗ ቀና ሳትል «የሠርግ ልብስ ነው፤ ቅዳሜ ይወስዱታል» አለችኝ።

«ሙሽራዋ ሌላ ቀሚስ ታገኛለች። ልጆችሽ ሌላ እናት ከየት ያመጣሉ?»

ወዲያው ከግድግዳው ጥግ አፈር ነጩ ጨርቅ ላይ ረገፈ። ሁሉም ብድግ አሉ። አንዷ ማሽኗን ልታቅፍ ስትል «ተይው!» ብዬ ጮህኩባት። ስምንቱንም ቆጥሬ አወረድኩ።

መሐንዲሱ ሲመጣ ነገርኩት፤ ጀሶውን ፈቀፈቀው። ከሥሩ የእኔው ጀሶ ለሁለት ተከፍሎ ወጣ። ቁፋሮውን አስቆመ፤ ግድግዳውም በእንጨት ተደገፈ።

እኔ ከሥራው ተባረርኩ። ሴቶቹ ለሳምንታት ሥራ ፈቱ። ጽጌ አኩርፋኝ ከረመች፤ ሠርገኞቹ ሰድበዋታል።

ለአዲስ ለሳኞች የምለው ይህን ነው፦ የሚንቀሳቀስ ስንጥቅ አይለሰንም። አደጋውን መጀመሪያ ውስጡ ላለው ሰው ንገሩ፣ ቀጥሎ ለአሠሪው።