ልጁ ከጡት እስኪወርድ

ያ ልጅ እኔን አይቶ ያለቀሰ ቀን ደሜ ፈላ። ከሆስፒታል ሲወጣ በመኪናዬ ያመጣሁት እኔ ነኝ። እናቱ ገላዋን ስትታጠብ፣ ልብስ ልታጥብ ወደ ሎንድሪው ስትወርድ፣ ደረቴ ላይ ለጥፌው ስንጎራደድ የምውለው እኔ ነኝ። አንድ ቅዳሜ ከሥራ ስመለስ እንደ ልማዴ በሩን ከፍቼ "የኔ ጌታ" ብዬ እጄን ዘረጋሁለት። ፊቴን ትክ ብሎ አየ፣ ከንፈሩን ጣለ፣ ከዚያ በመርፌ የወጉት ይመስል ጮኸ። ዞሮ እናቱ አንገት ውስጥ ተወሸቀ። እጄ ተዘርግቶ ቀረ።

"ምን አድርጌሃለሁ አንተ?" አልኩት።

እናቱ ሳቀች። "እታለም፣ የምትሠሪበት ሆቴል ሳሙና ሸቶት ይሆናል" አለችኝ። እታለም የምትለኝ እህቷ ሆኜ አይደለም። በዕድሜ እበልጣታለሁ፣ እሷ ከላይ እኔ ከታች እንኖራለን፣ በዚያ ላይ የማትችለውን እንግሊዝኛ የምናገርላት እኔ ነኝ። ወርጄ ታጠብኩ፣ ልብሴን ቀይሬ ተመለስኩ። ባሰበት።

እሷ ስትስቅ እኔ መሳቅ አልቻልኩም፤ ሆዴ የያዘው ነገር ነበር። የልጁ አያት፣ የእሷ እናት፣ አዲስ አበባ ሞተው ከተቀበሩ ሰንብተዋል። እዚያ ግቢ ውስጥ ያለን ሐበሾች ሁላችንም እናውቃለን። የማታውቀው እሷ ብቻ ናት።

ጊዜው በፈረንጆቹ ሰማንያዎቹ አጋማሽ ነው። አትላንታ ያለን ሐበሾች ያኔ በጣት የምንቆጠር ነበርን፤ አብዛኞቻችን በሱዳን በኩል የመጣን። የምንኖረው ከፓይን ሌክ ወጣ ብሎ ባለ አንድ አፓርትመንት ነበር። ባልየው ፒችትሪ ኮርነርስ አንድ መጋዘን ውስጥ ዕቃ ይጭናል። መርዶውም በስልክ የደረሰው እዚያው ሥራው ላይ ነው። ከሥራ ሲወጣ ቤቱ አልገባም፤ የእኔን በር አንኳኳ። ጫማውን ሳያወልቅ ምንጣፉ ላይ ዝርፍጥ አለ። "እናቷ" አለኝ።

ያን ጊዜ የጨነቀን ሁሉ የምንሄድባቸው አንድ አዛውንት ነበሩ፤ ሁላችንም አባባ እንላቸዋለን። ባልየው ብቻውን መሄድ ፈርቶ እኔንም ይዞኝ ሄደ። አባባ ሰምተው ሲያበቁ መጀመሪያ የጠየቁት ስለ ሟቿ አይደለም።

"ታጠባለች?" አሉ።

"አዎ አባባ" አላቸው። "ጡጦ አፉ ላይ አያስደርስም። የቆርቆሮውን ወተት የሞከርን ዕለት ደግሞ ገላው በሙሉ ተንደብድቦ፣ ትንፋሽ አጥሮት ድንገተኛ ክፍል ነው ያደርን።"

ይሄን አባባም ያውቃሉ። ልጁ ያለጊዜው ነው የተወለደው፤ ሲወለድ አንድ እጅ መዳፍ ላይ የሚያርፍ ነገር ነበር። ያን ሥጋ ያለበሰው የእናቱ ጡት ብቻ ነው።

"እንግዲያው ልጁ ከጡት እስኪወርድ አይነገራትም" አሉ። "እንዲህ ያለ ድንጋጤ ጡት ያደርቃል። ለእሳቸው ከእንግዲህ የምናደርግላቸው የለም። ይሄን ልጅ እናትርፍ።"

"እስከ መቼ ነው አባባ?" አልኳቸው። "እሷ እኮ ጅል አይደለችም፤ ፊታችንን ታነበዋለች።"

"ፊታችሁን አስተካክሉ እንግዲያ" አሉኝ።

ፊት ማስተካከል ቀላል የሚመስለው ካለ ይሞክረው። ባልየው አልቻለበትም። ከተጋቡ ጀምሮ ሲኒ አንስቶ የማያውቅ ሰውዬ ከሥራ እንደገባ ዕቃ ማጠብ ጀመረ፤ ያለችውን ሁሉ እሺ፣ እሺ ይላታል። ደረጃው ላይ ይዤ "አንተ ሰውዬ፣ ዕቃ ማጠቡን ተው፤ ታስነቃብናለህ" አልኩት። ስልክ እንደውል ስትለው የአዲስ አበባ መስመር አይሠራም ይላታል። በሌላ ቀን ደግሞ እናትሽ ክፍለ ሀገር ዘመድ ጥየቃ ሄደዋል አሉ ይላታል። ውሸቱን ስለማያስታውስ እኔ ነኝ የማስታውስለት።

አንድ ቀን ደግሞ ለእናቷ ድምፁን ልትቀዳላት ካሴት አምጥታ ልጁ ፊት ቴፑን ከፈተች። "እማዬ፣ ስሚው፣ ያንቺ ሰውዬ ማውራት ጀምሯል" ትላለች። ልጁ ባ ባ ባ ይላል። "ሲተኛ አፉን ከፈት የሚያደርገው አንቺን ነው። ዓመት ሳይሞላው ፎቶ አነሳልሻለሁ። እህል ትንሽ ትንሽ እያስለመድኩት ነው፤ ምራቁን ብቻ ነው የሚተፋብኝ።" እኔ እዚያው ሶፋው ላይ ሻይ ይዤ ተቀምጫለሁ። ስትጨርስ ካሴቱን በፖስታ አድርጋ "የሚሄድ ሰው ስታገኚ ስጪልኝ" ብላ ሰጠችኝ። ተቀበልኳት። ወርጄ ፎጣዎቼ ሥር ከተትኩት፤ ከዚያ በኋላ ያን መሳቢያ መክፈት ፈራሁ።

እንግዲህ ልጁ ሰው እያየ መጮህ የጀመረው በዚህ መሀል ነው።

ማልቀስ አዲስ ነገር ሆኖበት አይደለም። እኔ አልወለድኩም፤ ስለ ልጅ የማውቀው ያን አንድ ልጅ ሳይ የተማርኩትን ነው። መጀመሪያ ገና አራስ እያለ፣ ፀሐይ ማዘቅዘቅ ስትጀምር ጠብቆ የሚያለቅስበት ሰሞን ነበር። ሆዱን አሸነው፣ ባልየው ተሸክሞት ፓርኪንጉን ዞረ፤ ወይ ፍንክች። ከዚያ አንድ ጠዋት ተወው፤ ዓይኑ ላይ የነበረ አቧራ የተጠረገለት ይመስል ፊታችንን እያየ ፈገግ አለ። ቆይቶ ደግሞ ጡት ይዞ አልረጋ አለ። ኮሽ ባለ ቁጥር ይለቃል፣ ዞር ብሎ ያያል፣ ርቦት ያለቅሳል፣ እንቅልፍ እምቢ ይላል። ጥርስ ነው ተባለ። ጥርስ የለ፣ ምን የለ። ሲበቃው እጁን ሰዶ የጆሮዬን ጉትቻ ጨምድዶ ያዘ፤ ጆሮዬን ሊገነጥለው። በሳምንቱ ተገላበጠ። ከዚያ ወዲህ ሲነጫነጭ "አንድ ነገር ሊማር ነው" እላታለሁ፤ እሷም "ደግሞ ምን ሊማር ይሆን?" ትለኛለች። ቀልዳችን ነበር።

በስምንተኛው ወር የመጣው ግን አላስቀለደንም። እናቱ ከዓይኑ ከተሰወረች አበቃ። ወጥ ቤት ስትገባ ይጮሃል። መጸዳጃ ቤት በሩን ከፍታ ነው የምትቀመጠው። ሌላ ሰው ሲመጣማ ጉድ ነው። አባባ ሊጠይቋት መጡ፤ ገና በሩ ላይ ሲያያቸው ለቅሶ አነቀው። አባቱ ጺሙን ተላጭቶ ቢገባ እሱንም አላውቅህም አለው። ትናንት ጭኔ ላይ ሲፈነጥዝ የነበረ ልጅ ዛሬ እኔን ሲያይ ልብሷን ይጨመድዳል።

"እታለም፣ ይሄ ልጅ ፊታችሁ ላይ ምን እያየ ነው?" አለችኝ አንድ ከሰዓት።

"ምን ታሟርቻለሽ፤ ጥርስ ነው።"

"ጥርስ ከሆነ ከእኔ ጋር ስንሆን ለምን አያመውም? ሰው ሲመጣ ነው የሚብሰው። እማዬ ሕፃን ያያል ትል ነበር፤ እኛ የማናየውን ያያል።" ልጁን ወደ ትከሻዋ አወጣችና "እማዬን ደግሞ ሰሞኑን በሕልሜ አላጣኋትም" አለች።

እንደ ምንም ተነስቼ ያልቆሸሸውን ብርጭቆ አጠብኩ። ባልየውን ዕቃ አትጠብ ብዬ የተቆጣሁት ሴትዮ።

የባሰው ከዚያ ወዲህ መጣ። አሳብ ገባት። የበላችው አይስማማትም፣ ደጅ ደጁን ታያለች፣ ልጁ ሲያለቅስ አብራው ታለቅሳለች። አንድ ቀን ሸሚዟን እየቆለፈች "ጡቴ ቀነሰብኝ" አለችኝ። ልጁ ይጠባል፣ ይለቃል፣ ይጮሃል። ጡቷ እንዳይደርቅ ብለን የደበቅነው ነገር በፊታችን በኩል ወጥቶ ጡቷን ያደርቀው ጀመር። ለባልየው ነገርኩት። "የልጁ ሐኪም ጋ እወስዳታለሁ፤ ልጁ ጤነኛ ነው ከተባለች ትረጋጋለች" አልኩት። እውነቴን ነበር፤ ሌላ መላ አልታየኝም።

ሺፍቴን ቀይሬ ሐኪሟ ወዳለችበት ሳንዲ ስፕሪንግስ ይዣቸው ሄድኩ። ሰማዩ ጠቁሯል፣ አየሩ ታፍኗል። ፓርክ አደረግኩና ልጁን ከወንበሩ ላወጣው ብል እንደገና ጮኸብኝ፤ እሷ አወጣችው።

ሐኪሟ ጸጉሯ የሸበተ፣ ቀስ ብላ የምታወራ ሴት ናት። መዘነችው፣ ደረቱን አዳመጠች፣ ጆሮውን አየች። ምንም የለበትም አለች። ሰው ሲያይ ያለቅሳል አልኳት። ገባኝ በሚል ራሷን ነቀነቀች፤ ዕድሜው ነው፣ የሚያውቀውንና የማያውቀውን ፊት መለየት ጀምሯል አለች። ይሄንን መተርጎም ምን ያቅታል፤ አገር ቤት እናት ሁሉ የምትለው ነው። "ሰው መለየት ጀምሯል ነው የምትለው" አልኳት።

"እኔስ ከዓይኑ ስሰወር ለምን ይጮሃል?" አለች። ጠየቅኩላት።

ሐኪሟ የመኪናዬን ቁልፍ ከእጄ ተቀበለች። ለልጁ አንቃጨለችለት፤ ሲያይላት አልጋው ላይ አስቀምጣ ትንሽ ፎጣ ጣል አደረገችበት። ልጁ ፎጣውን አየ። ከዚያ ጫፉን ይዞ ገፈፈውና ቁልፉን ያዘ። እናቱ ሳቅ አመለጣት።

"ቀደም ብላችሁ ብታመጡት ኖሮ ዞር ይል ነበር" አለች ሐኪሟ። "የተሸፈነ ነገር ለእሱ ያበቃለት ነገር ነበር። አሁን ግን ባያየውም እንዳለ ያውቃል። እናቱም ከክፍሉ ስትወጣ የሆነ ቦታ እንዳለች ያውቃል። እንደምትመለስ ግን ገና አያውቅም።"

እያንዳንዷን ቃል ለእናቱ ነገርኳት። መጨረሻዋን ፊቷን ሳላይ ነው የነገርኳት። የእሷ ፊት ግን ከስንት ጊዜ በኋላ ፈካ። የልጁን እግር አንስታ ሳመች። "ለካ ይሄን ነው ሲማር የከረመው" አለች። ደስታዋ አንጀቴን በላው። ያኔ ተነስተን ብንሄድ ኖሮ ሰላም ነበር።

ሐኪሟ ግን የዚህን ባሕርይ ስምም ንገሪያት አለችኝ፤ ስም ያለው ነገር እናቶችን ያን ያህል አያስፈራም፣ ሌላውም ልጅ እንዲህ እንደሚሆን ያውቃሉ አለች። የእንግሊዝኛውን ስም ነገረችኝ። እኔ ደግሞ የተባለውን ዘልዬ አላውቅም። ቃል ፈለግኩ፤ በቶሎ የመጣልኝን ያዝኩ።

"ስሙ እንግዲህ በእኛ ቋንቋ ምን እንበለው፣ የመለየት ጭንቀት ነው። መለየት ነው የሚያስጨንቀው" አልኳት።

"ማን ተለየና?" አለችኝ እየሳቀች።

ቀልዷን ነው። ልጁን እየኮረኮረች ነው ያለችው። እኔም "ይሄ አስቸጋሪ!" ብዬ ብስቅ አልፎ ይሄድ ነበር። እኔ ግን ዓይኔን ወደ ፎጣው አዞርኩ። ሐኪሟ ያልገባት ነገር እንዳለ ስላላወቀች ሁለታችንንም እያየች ፈገግ ትላለች። ቀና ስል የእሷ ሳቅ ፊቷ ላይ የለም። እያየችኝ ነው፤ ከዓይኔ ወደ አፌ፣ ከአፌ ወደ ዓይኔ።

የልጁን ካልሲዎች አደረገችለት፣ ኮፍያውን አደረገችለት። ሐኪሟን በእንግሊዝኛዋ አመሰገነች። ኮሪደሩን አልፈን፣ በሊፍት ወርደን፣ መኪናው ጋ ደረስን። ዝናቡ ጀምሯል። ኋላ ገብታ ተቀመጠች፤ ልጁን ወንበሩ ላይ አላሰረችውም፣ ታቀፈችው። እኔ መሪውን ይዤ ቀረሁ፤ ሞተሩን አላስነሳሁም።

"እታለም" አለችኝ።

"ወዬ።"

"አፍሽን እንዳትከፍቺ።" የሸሚዟን ቁልፎች ስትፈታ ይሰማኛል። "መጀመሪያ ይጥባ። ጠግቦ ሲተኛ ትነግሪኛለሽ።"

በመስታወቱ አየኋቸው። ልጁ ያዘ፤ ወተቱ መጣለት፣ ሲውጥ ይሰማል። ሳብ ሳብ ያደርግና ለቀቅ አድርጎ ፊቷን ቀና ብሎ ያያል፤ ቀና ባለ ቁጥር ፈገግ ትልለታለች፣ እሱም ተመልሶ ይጠባል። እኔ ሕፃን ጠግቦ ሲተኛ ማየት የምወድ ሰው ነበርኩ። ያን ቀን ግን እንዳይጠግብ እግዜርን ለመንኩት። ሁለተኛውን ጡት አዙራ ሰጠችው። ትንሽ ጠባ፣ እጁ ከደረቷ ላይ ወረደ፣ ዓይኑም ይከደን ጀመር።